ከመስመሩ በፊት

ወንድሟ መታጠቢያ ቤት ገብቶ፣ ቧንቧውን ከፍቶ ስልክ ሲያወራ ሰማችው። ሰው ስልክ ለማውራት ቧንቧ የሚከፍተው የሚናገረው ነገር ሲያሳፍረው ነው። የዚያ ቤት የመታጠቢያ ቤት በር ደግሞ ከወለሉ ከፍ ስለሚል ውሃው ከሚሸፍነው ይልቅ በሩ ሥር የሚያልፈው ይበዛል። እሷ ከበሩ ውጭ፣ ጠባቧ መተላለፊያ ላይ ብስክሌቷን ገልብጣ፣ በመሪውና በኮርቻው አቁማ፣ ካቴናውን በአሮጌ የጥርስ ብሩሽ እየፈተገች ነበር። «አዎ፣ የነገው የጠጠር መንገድ ውድድር» ይላል ወንድሟ። «ስሟን እንድትሰርዙልኝ ነው። ታላቅ ወንድሟ ነኝ። ሐኪም ከልክሏታል።» የወዲያኛውን ሰው አዳመጠና «አይ፣ እሷ አታውቅም፤ እኔ እነግራታለሁ» ብሎ ጨመረ። ከዚያ ውሃው ቆመ።

ነገሩ እንዲገባችሁ ይህን ብቻ ልበል። ሐኪሙ የከለከላት ሩጫ ነው። ጉልበትሽ ውስጥ አጥንት ከአጥንት እንዳይፋጭ የሚጠብቀው ነገር አልቋል፣ ከእንግዲህ መሮጥ ይበቃሻል፣ ብስክሌት ብትነጂ ግን ጉልበትሽ ያመሰግንሻል ነው ያላት። ይህን ሲል ወንድሟ ጃኬቷን ታቅፎ አጠገቧ ተቀምጦ ነበር፤ እንዲያውም «በቀን ምን ያህል ትንዳ?» ብሎ የጠየቀው እሱ ነው። ስለዚህ አልሰማሁም ሊል አይችልም። በገዛ ጆሮው የሰማውን ገልብጦ ለማያውቃቸው ሰዎች ነገራቸው። ብሩሹን እንደያዘች አንጀቷ ድብን አለ።

በሩን ልታንኳኳ ትችል ነበር። ሌላ ቤት ቢሆን ጩኸት ይነሳ፣ ብሩሹም ይወረወር ነበር። በዚያ ቤት ግን ከእናትና አባታቸው ጊዜ ጀምሮ «ዝም አይነቅዝም» የሚለው ተረት እንደ ሕግ ሲሠራበት ኖሯል። ደስታም ይሁን ኀዘን ሁሉም ነገር ዝም ተብሎ ይቀመጣል፤ ማን ያኮረፈ፣ ማን ያዘነ እንደሆነ የሚታወቀው ሳህን ሲቀመጥ በሚያወጣው ድምፅ ነው። ወንድሟ ፊቱን ጠርጎ ወጣ። የተገለበጠችውን ብስክሌት እንደተኛ ሕፃን ተጠንቅቆ ተሻገራትና ቆም ብሎ ካቴናውን አየት አደረገ።

«ዘይት አታብዢበት። አቧራ ይይዛል።»

«እሺ ጋሼ።»

ይኸው ነው። «እኔ እነግራታለሁ» ያለው ሰውዬ የነገራት ነገር ይህ ብቻ ነው። ቁልፉን ከሚስማሩ ላይ አንስቶ ወደ ጋራዡ ሄደ። ዕድሜውን ሙሉ ከባድ መኪና ሲነዳ የኖረ ሰው ነው፤ ዓይኑ ከደከመ ወዲህ ግን ከጋራዡ የሚወጡና የሚገቡትን የጭነት መኪናዎች ይቆጣጠራል። አልፎ አልፎም ፍሬናቸው የሚያጠራጥረውን ለመፈተሽ ከሾፌሩ ጎን ተቀምጦ ይወጣል። በሩ ሲዘጋ ከበሩ ጀርባ የተሰቀለው ሰማያዊ ጃኬት ተወዛወዘ። የእሷ ጃኬት ነው። እሷ በሮጠችበት ሁሉ ያንን ጃኬት በክንዱ ይዞ መጨረሻው መስመር ላይ የሚጠብቃት እሱ ነበር። ከመነሻው በፊት የደረቷን ቁጥር የሚያያይዝላትም እሱ ነበር፤ መርፌ ቁልፎቹን በከንፈሩ ይዞ እንደ ልብስ ሰፊ ዙሪያዋን ይዞራል። ጉልበቷ ካስቆማት ወዲህ ጃኬቱ እዚያው ተሰቅሎ ቀረ።

እጇን ታጥባ ወደ ወጥ ቤት ገባች። የወንድሟ ሚስት ድንች እየላጠች ነበር፤ አንገቷን ቀና ሳታደርግ እየላጠች ቆየች። መታጠቢያ ቤቱና ወጥ ቤቱ የሚጋሩት ግድግዳ ስስ ነው። ይህች ሴት ክፉ አይደለችም። ብስክሌቷ የተገዛች ዕለት «በዚህ ዋጋ እኮ ፍሪጅ ይገዛ ነበር» ያለችው እሷ ብትሆንም፣ ማታ ማታ በረንዳ ላይ ጨርቅ የምታለብሳትም እሷው ናት።

«ቁርስ ብይ እንጂ።»

«በልቻለሁ እትዬ።»

አልበላችም። ሯጭ በባዶ ሆዱ መውጣት ይወዳል፤ ይህን ጠባይ ብስክሌት ላይም ይዛው መጥታለች። ዳቦና የተቀቀለ እንቁላል በፌስታል ተጠቅልሎ ቦርሳዋ ውስጥ ገባ። የወንድሟ ሚስት ፌስታሉን ስታስር ከሚያስፈልገው በላይ ብዙ ጊዜ ወሰደባት፤ አንድ ነገር ልትል አፏን ከፈተችና መልሳ ድንቿን አነሳች። ምናልባት ያኔ ብታወራ የዚያ ቀን ነገር በሌላ መንገድ ይሄድ ነበር። አላወራችም።

ብስክሌቷን አቅንታ ወጣች። ግማሽ ቀን ሥራ አለባት፤ ከዚያ ቀጥታ ምዝገባው ወዳለበት የብስክሌት ሱቅ ሄዳ ስሟን ታስመልሳለች። ነገ ትወዳደራለች። ይህ በሐሳቧ ውስጥ ክርክር የሌለው ነገር ነበር። ሰፈሩ እስካሁን የሚጠራት «ሯጯ» ብሎ ነው። ባለ አትክልቱ «ሯጯ መጣች፣ መንገድ ልቀቁ» ሲላት ትስቃለች፤ የማይሮጥ ሰው ሯጭ ተብሎ ሲጠራ ግን ያማል፣ በጣም ያማል። እሷ የምትፈልገው አንድ ጊዜ እንደገና ሌሎች ሰዎች መሃል ቆማ «ተነሱ» እስኪባል መጠበቅ ነበር። አሸንፋለሁ አላለችም። ያ መጠበቅ ብቻ ናፍቋታል።

ብስክሌት የምትነዳው እንደ ሯጭ ነው። የጫማዋን ክር ድርብ አድርጋ ታስራለች፤ በመጀመሪያው ሳምንት ክሩ ካቴና ውስጥ ገብቶ መሃል መንገድ ላይ ከነብስክሌቷ ሲጥላት ሥራ ቦታ «ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል» ብለው ሲስቁባት ሰነበቱ። መንገድ ላይ ውሃ መጠጣት አይሆንላትም። ጎማዋን እንደ ድንጋይ አድርጋ ትነፋለች፤ የጠጠር ጎማ ለስለስ ሲል እንደሚሻል የተነገራት በቅርቡ ነው። ዳገት ላይ ግን የሚስተካከላት የለም። ሳንባው አለ፣ ትዕግሥቱ አለ፤ ዳገት ላይ የሚያለከልኩ ጎረምሶችን «አይዟችሁ» እያለች ታልፋለች። ቁልቁለቱን አስባው አታውቅም። ለሯጭ ቁልቁለት ማለት ዕረፍት ነው፤ እግርን ለቀቅ፣ ትንፋሽን ሰብሰብ ነው። ያን ቀን ጠዋት ትራፊክ መብራቱ ጋ ስትደርስ የፊት ጎማዋ የእግረኛ ማቋረጫውን ግማሽ ይዞ ቆመ። ትራፊክ ፖሊሱ ቅንድቡን ወደ ላይ ሰቀለባት። ይቅርታ ጠይቃ ወደ ኋላ ፈቀቅ አለች። ይህ በየቀኑ ይሆናል፤ ልብ ብላው ግን አታውቅም።

የምትሠራው ሆቴል ውስጥ፣ ከመሬት በታች ካለው የልብስ ማጠቢያ ክፍል ነው። መስኮት የለም፤ አንድ ማራገቢያ አለ፣ እሱም ሙቁን አየር ከጥግ ወደ ጥግ ከማዞር ሌላ ሥራ የለውም። ቅዳሜ እንግዶች የሚለቁበት ቀን ስለሆነ አንሶላው ተራራ ያህላል። አብራት የምትሠራው ትልቋ ሴት ለብዙ ዘመን እንፋሎት የሚተፋውን ትልቁን መተኮሻ ስትጫን ስለኖረች ስሟ «እማማ እንፋሎት» ሆኖ ቀርቷል። ሁለቱ አንሶላ ሲያጥፉ አይነጋገሩም፣ አይተያዩምም፤ አንዷ ጫፉን ስትይዝ ሌላዋ ትወጥራለች፣ ይቀራረባሉ፣ ይራራቃሉ። እማማ እንፋሎት ግን ያን ቀን ጨርቁ ከወትሮው በላይ ሲወጠርባት ቆም አለች።

«ቀስ በይ፣ የሆቴሉን አንሶላ ልትቀጂው ነው እንዴ? ማን ነካሽ?»

ነገረቻት። ቧንቧውን፣ ስልኩን፣ «ሐኪም ከልክሏታል» የሚለውን፣ የዘይቱን ነገር። እማማ እንፋሎት አንሶላውን ደረቷ ላይ አቅፋ ሰማቻት።

«ታዲያ ለምን ብለሽ አልጠየቅሽውም?»

«እሱ ራሱ ይንገረኛ።»

«እንግዲህ እሱም እሷ ትጠይቀኝ ብሎ ይሆናላ ቁጭ ያለው። ጉድ እኮ ናችሁ። እኔና ወንድሞቼ በቀን አንዴ ሳንሰዳደብ አናድርም፣ ይኸው በፍቅር አለን።»

«እማማ፣ እርስዎ ደግሞ ነገሩን ቀልድ አደረጉት።»

«ቀልድ አይደለም የኔ ልጅ። ስሟን ሰርዙ ያለው ሰው ጠልቶሽ ይመስልሻል? የጠላሽማ ነድተሽ ብትወድቂም ግድ የለው።»

ነገሩ እውነት መሰላት፣ ያም ይበልጥ አናደዳት። መውደድ ማለት ከኋላ ሆኖ ስም ማሰረዝ ከሆነ ባይወዳት ይሻላታል ብላ አሰበች። እየተናደደች የእንግዳ ሸሚዝ አንገትጌ ላይ ካውያውን ረስታ፣ ሽታው ሲመጣ አነሳችው። ለትንሽ ተረፈ። ምሳ ሰዓት ሲሆን ሽርጧን ሰቅላ፣ የብስክሌት ሱሪዋን ከሥራ ልብሷ ሥር እንደለበሰች ወጣች። እማማ እንፋሎት ከኋላዋ «ዳቦሽን ብይ፣ በባዶ ሆድ ከሰው ጋር አትጣይ» ስትል ተሰማት። እንቁላሉን ደረጃው ላይ ቆማ በላች።

ሱቁ ከከተማው ጠርዝ፣ መንገዱ አስፋልት መሆኑን ትቶ ጠጠር ከሚሆንበት ቦታ ላይ ነው። ከጀርባው ድሮ ድንጋይ ይወጣበት የነበረ ኮረብታ አለ። ውስጡ ጎማና ዘይት ይሸታል፤ ጣሪያው ላይ ጎማ፣ ግድግዳው ላይ ጎማ፣ ባለሱቋ የምትቀመጥበትም ጎማ ነው። ባለሱቋ ጥፍሯ ሥር ግራሶ የማይጠፋ፣ ድምፅዋ ወፍራም፣ ለማንም የማትስቅ ሴት ናት። ውድድሩን የምታዘጋጀውም፣ የምትመዘግበውም እሷ ናት። ሁለት አዲስ ተወዳዳሪዎች ቀድመው ቆመዋል፤ አንዱ ፀጉር አስተካካይ፣ አንዷ የሒሳብ አስተማሪ። ሯጯ ወረፋዋ እስኪደርስ የተሰቀለ የእጅ ጓንት አንስታ ዋጋውን አየችና ቶሎ ብላ መለሰችው።

«ስምሽ ተሰርዟል» አለቻት ባለሱቋ። «ወንድምሽ ደውሎ ነበር።»

«አውቃለሁ። ብስክሌት የከለከለኝ ሐኪም የለም። ሩጫ ነው የተከለከልኩት። ወንድሜ ዋሽቷል።»

እንዲህ ብላ በአደባባይ መናገሯ ራሷን አስደነገጣት። ባለሱቋ ግን ፊቷ አልተለወጠም።

«እኔ በቤተሰብ መሃል አልገባም። ግን ሰው ደውሎ እንዲህ ካለኝ በኋላ እንዲሁ ብለቅሽ፣ ነገ አንድ ነገር ብትሆኚ የሚጸጽተው እኔን ነው። አዲስ የሆነ ሁሉ ዛሬ ከኮረብታው ወርዶ መቆም አለበት፤ ደንባችን ነው። ከታች በኖራ መስመር አስምሬያለሁ። መውረድ ብቻ አይደለም፣ ከመስመሩ በፊት መቆም ነው። ከቆምሽ በገዛ እጄ ስምሽን እመልሳለሁ። ካልቆምሽ ወንድምሽ ልክ ነበር ማለት ነው።»

ሯጯ ይህን ስትሰማ ልትስቅ ምንም አልቀራት። ለዳገት ስትዘጋጅ ከርማ የምትፈተነው በቁልቁለት፣ ያውም በመቆም ሆነ። መቆም ማን ያቅተዋል? ቀድመው የወጡት ፀጉር አስተካካዩና አስተማሪዋ ብስክሌታቸውን እየገፉ ሲያለከልኩ እሷ በፔዳል አልፋቸው ጫፉ ላይ ደረሰች። ፀጉር አስተካካዩ እያንገራገጨ፣ እንደ ፈራ በቅሎ ወገቡን ወደ ኋላ ጥሎ ወረደና ከመስመሩ ብዙ ርቆ ቆመ። አስተማሪዋም እንዲሁ። እንዴት ያለ ፍርሃት ነው ብላ በሆዷ ታዘበቻቸው። ከዚያ እሷ ለቀቀች።

ጠጠሩ ከጎማዋ ሥር እንደ ዝናብ ድምፅ ያሰማ ነበር። ነፋሱ ጆሮዋን ሞላው፤ ደስ አላት፣ ጉልበቷ ከታመመ ወዲህ እንደዚያ ደስ ብሏት አያውቅም። ከታች ነጩ መስመር ታየ። መስመሩን ስታየው ግን እጇ ፍሬኑን መያዝ ሲገባው መሪውን አጥብቆ ያዘ፤ እግሯ ጭራሽ ጨመረ። ከልጅነቷ ጀምሮ አሰልጣኟ አንድ ነገር ነበር የሚጮህባት፦ ወደ መስመሩ አትሩጪ፣ ከመስመሩ ወዲያ ወዳለው ዛፍ ሩጪ። መስመሩ ሲቃረብ የሚዘገዩትን ሁሉ ስትቀድም የኖረችው በዚህ ነው። መስመሩን አልፋ ስትሄድ ባለሱቋን በዓይኗ ጥግ አየቻት። ከዚያ ደንግጣ ሁለቱንም ፍሬን አንድ ላይ አነቀቻቸው፤ የፊት ጎማዋ ተንሸራተተና በጎኗ ወደቀች። ክርኗ ተልጦ አሸዋ ገባበት።

ባለሱቋ መጥታ እሷን ሳይሆን መጀመሪያ ብስክሌቷን አነሳች። ፍሬኑን ጨመቅ ለቀቅ እያደረገች ሞከረችው።

«ፍሬንሽ ደህና ነው» አለች። «አንቺ ነሽ ያልያዝሽው።»

ሁለተኛ ወጣች። አሁን እይዛለሁ፣ እይዛለሁ እያለች ወረደች፤ መስመሩን ስታይ ግን ያው ነገር ሆነ። እጇ የታዘዘው ዘግይቶ ነው። ቆመች፣ አልወደቀችም፤ ጎማዋ ግን ሙሉ በሙሉ ከመስመሩ ወዲያ ነበር። አስተማሪዋ ወደ ሌላ አቅጣጫ አየች። ባለሱቋ ከዚህ በኋላ አንድ ጊዜ ብቻ እንደቀራት ነገረቻት፤ ለሌሎቹም ደንቡ እንዲሁ ነው።

ሯጯ ኮረብታውን ሦስተኛ ጊዜ ልትወጣ ብስክሌቷን እየገፋች ሳለ ቆመች፤ ደክሟት አይደለም። መንገዱ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀመጠች። አንድ ነገር ገብቷት ነበር፣ የገባት ነገርም አስፈራት። መስመር አይታ መቆም አትችልም። ማንም አላስተማራትም፤ ያስተማሯት ተቃራኒውን ነው። ዕድሜ ልኳን በዚህ ተጨብጭቦላታል። ትራፊክ ፖሊሱ ለምን ቅንድቡን እንደሚሰቅልባት አሁን ገባት። ነገ ደግሞ ሁለት ረጃጅም ቁልቁለቶች አሉ፣ ግርጌያቸውም መታጠፊያ ነው። ፈራች። ነገ ከሰዎች መሃል መቆሙ ግን አሁንም ከፍርሃቷ ይበልጥባት ነበር፤ ስለዚህ ተነሳች። ቀና ስትል ወንድሟ ከሱቁ በኩል ሲመጣ አየችው። ሰማያዊውን ጃኬት በክንዱ ላይ ይዟል።

አጠገቧ መጥቶ ቆመ። ላብ አጥምቆታል፤ ከጋራዡ ቤት ደርሶ ጃኬቱን አንስቶ በእግሩ ነው የመጣው። ክርኗን አየ። እንደ ቤታቸው ልማድ ቢሆን ኖሮ አሁን ስለ አየሩ አንድ ነገር ይል ነበር።

«እሷ ነገረችኝ» አለ፣ ሚስቱን ማለቱ ነው። «ምሳ ይዛልኝ መጥታ። ሰምተሽ ነበር አለችኝ።»

«ለምን ለኔ አልነገርከኝም?» አለችው። ይህን ጥያቄ በዚያ ቤት ጠይቆ የሚያውቅ የለም። «ለማታውቃት ሴት ነገርክ፣ ለኔ ዘይት አታብዢበት አልክ።»

ወንድሟ ጃኬቱን ከአንድ ክንዱ ወደ ሌላው አዛወረ።

«ያለፈው ቅዳሜ በዚህ መንገድ ስትወርጂ አየሁሽ። ከሾፌሩ ጎን ሆኜ ከታች ወደ ላይ እየወጣን ነበር። በመስኮቴ አጠገብ ነው ያለፍሽው፣ እጄን ብዘረጋ እነካሽ ነበር። አላየሽንም። ፍሬን አልያዝሽም፣ አንድም ጊዜ። ሾፌሩ ይቺ ሴትዮ መሞት ነው እንዴ የፈለገችው አለኝ። እህቴ ናት ማለት አቃተኝ።» ላቡን በእጅጌው ጠረገ። «እኔ ቁልቁለት ላይ የቀሩ ሰዎች አውቃለሁ። አብሬያቸው ምሳ የበላሁ ሰዎች ናቸው። ከዚያ ቀን ወዲህ እንቅልፍ የለኝም።»

«ይህንኑ ብትነግረኝ ምን ነበረበት?»

«አትሰሚኝም ብዬ ነዋ። ሐኪም ከልክሏል ሲባል ግን ማንም ይሰማል፤ በሐኪሙ ዋሸሁ።»

«አሁን እየሰማሁህ ነው ጋሼ። ሁለት ጊዜ አለፍኩት። መስመር ሳይ እጄ እምቢ ይለኛል። አንድ ብቻ ነው የቀረኝ። ካወቅክ ንገረኝ።»

ወንድሟ ኮረብታውን ወደ ላይ፣ ከዚያ ወደ ታች አየ። ይህን ሲያደርግ ፊቱ የሾፌር ፊት ሆነ፤ ከብዙ ጊዜ በኋላ ነው ያን ፊት ያየችው። መኪና ጭኖ የሚወርድ ሰው የሚያቆመውን ነገር ሲያይ አይደለም ፍሬን የሚይዘው አላት። ሲያይ ከያዘ ረፍዷል። ከላይ ሆኖ፣ ገና ሳይለቅ፣ እዚያች ጋ ስደርስ እይዛለሁ ብሎ ቦታ ይመርጣል። ያቺ ቦታ ስትደርስ ያስፈልግም አያስፈልግም ይይዛል፤ ከራሱ ጋር አይከራከርም። ቀስ እያለ ይይዛል፣ ይለቃል፣ ደግሞ ይይዛል። ክብደቱን ወደ ኋላ ያደርጋል። ሁሉንም በአንድ ትንፋሽ ነገራት፤ ምን ያህል ጊዜ በሆዱ ሲደጋግመው እንደከረመ ያስታውቅ ነበር። ከዚያ ቦታ አስመረጣት፤ መንገዱ ዳር ብቻዋን የበቀለች የደረቀች ቁጥቋጦ ነበረች፣ እሷን መረጠች።

ወደ ላይ ስትወጣ እሱ ወደ ታች ወረደ። ከላይ ሆና ዞር ስትል ነጩ መስመር ላይ ቆሞ አየችው። ከመስመሩ ዳር አይደለም፣ ከኋላውም አይደለም፤ መሃል መንገድ፣ ኖራው ላይ፣ ጃኬቱን በክንዱ ይዞ። ባለሱቋ እየጮኸች ወደ እሱ ስትሄድ ነፋሱ ድምፃቸውን ላይ ድረስ አመጣው።

«ጌታዬ፣ ከዚያ ይውጡ እንጂ!»

«አልወጣም። እኔ ሁልጊዜም የምቆመው መስመሩ ላይ ነው።»

ሯጯ ውጣ፣ ዞር በል ልትለው ፈለገች፤ እንደማይሰማት ታውቃለች፣ የአንድ እናት ልጆች ናቸው። የጫማዋን ክር አየች፣ ታስሯል። ለቀቀች። ጠጠሩ ድምፁን ጀመረ፣ ነፋሱም ጆሮዋን ሞላ፣ ያ ደስታ እንደገና መጣባትና እግሯ ጨምሪ ጨምሪ አላት። መስመሩን አላየችም። ቁጥቋጦዋን አየች። አጠገቧ ስትደርስ ገና ብዙ መንገድ ነበር፣ ምንም የሚያስይዝ ነገር አልነበረም፤ ያዘች። ሰውነቷ ሁሉ ተቃወመ፤ እየተሸነፈች መሰላት። ወገቧን ወደ ኋላ ጣለች፣ ያኔ የናቀችው ፀጉር አስተካካይ እንዳደረገው። ለቀቀች፣ ያዘች። የኋላ ጎማዋ ትንሽ ዋለለ፣ ተመለሰ። ወንድሟ እየቀረበ መጣ፤ መጀመሪያ ሰው፣ ከዚያ ጃኬት፣ ከዚያ ፊት ሆነ። ዓይኑን አልጨፈነም። ከንፈሩ ግን ነጭ ሆኖ ነበር። አልተንቀሳቀሰም። እሷ ያዘች፣ ያዘች፣ ጠጠሩ ዝም አለ።

ቆመች። የፊት ጎማዋና የወንድሟ ጫማ መሃል እጅ የሚያስገባ ቦታ ነበር። ባለሱቋ መጥታ ጎንበስ ብላ ጎማውን አየች፣ ኖራውን አየች፣ ከዚያ ሰውዬውን ቀና ብላ አየችው።

«ከመስመሩ በፊት ነው» አለች። «እርስዎ ግን ደህና ሰው አይደሉም።» የሯጯን ስም ልትመልስ ወደ ሱቋ ገባች።

ወንድሟ ጃኬቱን ትከሻዋ ላይ ጣል አደረገላት። ብርድ የለም፣ ላብ በላብ ናት፤ እሱ ግን ሌላ ነገር ማድረግ አያውቅም፣ እሷም አላወለቀችውም። እጇን ኪሱ ውስጥ ስትከት የሆነ ነገር ወጋት፤ መርፌ ቁልፎቹ ናቸው፣ ዝገው እዚያው ኖረዋል። ባለሱቋ የነገውን ቁጥር ይዛ ስትመለስ ወንድሟ መርፌ ቁልፎቹን ከእህቱ መዳፍ ላይ ለቀመና እንደ ድሮው አንዱን በከንፈሩ ያዘ። ቁጥሩን ተቀብሎ ደረቷ ላይ አስጠግቶ ለካ። ጠንካራ ፕላስቲክ ነው፣ መርፌ አይገባውም። ዙሪያውን አገላብጦ ፈለገ።

«እዚህ አይደለም ጋሼ። መሪው ላይ ነው የሚታሰረው።»

መርፌውን ከአፉ አወጣ።

«በምን?»

«በማሰሪያ። ባለሱቋ ሰጥታኛለች።»

ወንድሟ መርፌ ቁልፎቹን መዳፉ ላይ አድርጎ ትንሽ አያቸው። መንገድ መሃል ሥራ ፈቶ የቆመ ትልቅ ሰውዬ መሆኑ ታየውና አንገቱን ደፋ። «ታዲያ እኔ ነገ ምን አደርጋለሁ?» አላት።

ሯጯ ጃኬቱን ከትከሻዋ አንስታ መልሳ ክንዱ ላይ አደረገችለት።

«ነገ መጨረሻው መስመር ላይ አትቁም» አለችው። «ቁልቁለቱ ላይ ቁምልኝ፣ ፍሬን መያዝ ያለብኝ ቦታ ላይ። አንተን ሳይ እይዛለሁ።»

ጃኬቱን አጣጥፎ ክንዱ ላይ አስተካከለና የትኛው ቁልቁለት እንደሚብስ ጠየቃት። እሷ ብስክሌቷን እየገፋች፣ እሱ በጎኗ እየሄደ፣ እስከ ቤት ድረስ ስለ መታጠፊያዎቹ አወሩ።